ሽማግሌ የተላከበት ፋይል

ባለፈው ሰሞን ልጄ ማስተዋል አዲስ የጥልፍ ማሽን ከአዲስ አበባ አስመጥታ ሱቃችን ውስጥ ተከለችው። የዩኤስቢ ገመዱን ከማሽኑ ወደ ላፕቶፑ ሰካች፤ ላፕቶፑ ያችን ጡንግ የምትል ድምፁን አሰማ፤ እስክሪኑ ጥግ ላይ ትንሽ ጽሑፍ ብቅ ብላ ጠፋች፤ አለቀ። ሲዲ አምጡ ያለ የለም፣ እንዲህ የሚባል ፋይል ጠፋብኝ ያለ የለም። «እማዬ፣ ሠራ እኮ! ራሱ ፈልጎ ራሱ አገኘው» አለችኝ። እኔ ክር እየጠቀለልኩ ነበር። «እሰይ» አልኳት፤ ሌላ የምለው አልመጣልኝም። ደስ ሊለኝ የሚገባ ነገር መሆኑን አውቃለሁ። ከእታበባ ሞት ወዲህ ግን እንዲህ ነኝ፤ ደስታውም ሐዘኑም ሲነገረኝ እሰማዋለሁ እንጅ አይሰማኝም። የፊታችን ቅዳሜ ሙት ዓመቷ ነው። ጠላው ተጠምቋል፣ ካህናቱ ተጠርተዋል፣ ከታናሽ እህት የሚጠበቀውን ሁሉ አድርጌያለሁ። ያች ጡንግ የምትል ድምፅ ግን ሳላስበው ወደዚያ ዘመን ይዛኝ ሄደች።

እታበባ ታላቅ እህቴ ናት። የክርስትናዋን ትተን የዓለም ስሟ ፈንታነሽ ነው፤ ታላቅ በስሙ አይጠራም ተብዬ ስላደግሁ እኔ በዚያ ስም ጠርቻት አላውቅም። ጥልፍ ያስተማረችኝ እሷ ናት፤ ጉንደ ወይን እናታችን ቤት በረንዳ ላይ፣ የትራስ ጨርቅ ላይ፣ በመርፌ። በኋላ ሁለታችንም ደብረ ማርቆስ ገብተን ከገበያው ወደ ታች በሚወርደው መንገድ ዳር ፊት ለፊት ሱቅ ተከራየን። እሷ በፀሐይ መውጫ በኩል፣ እኔ በፀሐይ መግቢያ በኩል። ጧት ጧት ፀሐይ የምትመታው የእኔን በር ስለነበር፣ የጮቄ ብርድ አላሠራ ሲላት መርፌዋን ይዛ እየተሻገረች እኔ ደጅ ትቀመጥ ነበር።

ያ ዘመን ባጃጅ ገና ብርቅ የነበረበት፣ ሻይ በሃምሳ ሳንቲም ተጠጥቶ ከሻዩ ጋር ፓስቲ የሚነከስበት ዘመን ነው። አንድ ብር ይዞ የወጣ ሰው ቁርሱን በልቶ ይመለሳል። ወጣቶቹ ከሥሩ የሰፋ ጅንስ ነበር የሚለብሱት፤ ጭቃውን እንደ መጥረጊያ ይጠርጉታል። ኮረዶቹ ያችን ሹል ጫማ አድርገው ኮብልስቶን ገና ባልተነጠፈበት መንገድ ላይ ሲንገዳገዱ ማየት ነበር። ካሴት ቤቶች ካሴት መሸጥ ትተው «ዘፈን በፍላሽ እንጭናለን» የሚል ወረቀት በራቸው ላይ ለጠፉ። ከእኛ ከፍ ብሎ የነበረው ቤት አንድ የእስክስታ ዘፈን ይዞ ከጧት እስከ ማታ ሲደጋግመው፣ ዘፋኙ የት ላይ ትንፋሽ እንደሚወስድ እንኳ አወቅነው። ተማሪው ፍላሹን ከማተቡ ጋር አንገቱ ላይ ያስር ነበር። ያን ፍላሽ ከአንዱ ኮምፒውተር ወደ ሌላው ሲሰካው እየዋለ ቫይረሱንም አብሮ ያዞረዋል። ዛሬ ማስተዋል የአንድ ቀሚስ ጥልፍ ዋጋ ስትናገር ደንበኛዋን ቀና ብዬ አላይም፤ እኛ በሁለት መቶ ብር ሙሉ ቀሚስ ጠልፈን ምርቃት የምንጨምርበት ጊዜ ነበር።

በኮምፒውተር የሚሠራ የጥልፍ ማሽን ይምጣ ያለችው እታበባ ናት። «ዐይናችን ሳይጠፋ እንሻሻል» አለች። ሁለት ማሽን ከአንድ ነጋዴ፣ በአንድ ቀን ገዛን፤ በአውቶቡስ ጣሪያ ላይ ሸራ ለብሰው መጡ። ማሽኑ ሁለት፣ ሲዲው ግን አንድ። መጀመሪያ በእሷ ኮምፒውተር ተጫነ፣ ቀጥሎ በእኔ፤ ሲዲው እኔው ዘንድ ቀረ። የማይላላክ ነገር አልነበረንምና የት ቀረ ብሎ የጠየቀም የለም።

ከዚያ እናታችን ሞተች። ለተዝካሩ የሚሆን ቀን ላይ አልተስማማንም። እኔ የተቀበልኩትን ሥራ አስረክቤ እስክመጣ እስከ ቅዳሜ ይቆይ ብዬ ላክሁ፤ እሷ አርባው አርባ ነው፣ ለሰው ሥራ ብሎ ቀኑን የሚያሳልፍ የለም ብላ አወጣችው። መልእክቴ ይድረሳት አይድረሳት ዛሬም አላውቅም። ጉንደ ወይን ስደርስ ዳሱ እየፈረሰ ነበር። ደጁ ላይ ቆሜ አየሁና ሳልገባ በመጣሁበት መኪና ተመለስኩ። እሷም ወጥታ አልጠራችኝም። ከዚያ ወዲህ ፊት ለፊት እየዋልን አንነጋገርም። እኔ ዘንድ የቀረው ሲዲም እንዲሁ ቀረ፤ ጧት ጧት እኔ ደጅ ላይ የምትመታው ፀሐይ ብቻዋን ትመታለች።

አሁን የባሌን የአያሌውን ነገር ላምጣ። አያሌው ትምህርት ቤት ንብረት ክፍል ሲሠራ የኖረ ሰው ነው። የማይሠራ ዕቃ ቦታ ይዞ ካየ እንቅልፍ አይወስደውም። ጡረታ ሲወጣ ኮምፒውተሩን እሱ ያዘ፤ እሱ ከጓዳ ጥልፉን ይልካል፣ እኔ ከፊት ማሽኑን እጠብቃለሁ። ደህና እየሠራን ሳለ የማስተዋል ሠርግ ለዳግማይ ትንሣኤ ተቆረጠ። ቀሚሷን እኔ ነኝ የምጠልፍላት። ደረቱን ጨረስኩ፣ እጅጌውን ጨረስኩ፣ የታችኛው ጠርዝ ብቻ ሲቀር ሰሞነ ሕማማት ገባና ማሽኑን ሸፍኜ ስግደቴን ያዝኩ። አያሌው ቤቱ ሁሉ ለፋሲካ ሲጸዳ አይቶ የራሱን ክፍል ሊያጸዳ ተነሳ። ያኔ ፍላሽ በሰካ ቁጥር ቫይረስ የገባበት ሰው ሁሉ የሚነግረው አንድ ምክር ነበር፤ «የማታውቀውን ፋይል አጥፋ» የሚል። ሰውዬው ተቀመጠና ኮምፒውተሩ ውስጥ ያለውን ፋይል አንድ ባንድ በማውሱ ሁለቴ እየጫነ ሞከረው። የሚከፈተው ይቀመጣል፤ አልከፈት ያለው ይጠፋል። ንብረት ክፍል እንዲህ ነበር የሚሠሩት መሰለኝ። ሲጨርስ የቆሻሻ መጣያውንም ደፋው። «አሁን ኮምፒውተራችን ተነፈሰ» አለኝ። ሳይቸግር ጤፍ ብድር ይሏል ይኸ ነው።

ከፋሲካ በኋላ ማሽኑን ስንከፍት ኮምፒውተሩ ገመዱ ሲሰካ ጡንግ ይላል፤ ማሽኑ መብራቱን ያበራል፤ የጥልፉ ፕሮግራም ግን ገና ሲነሳ አንድ መስኮት ዘርግቶ እንዲህ የሚባል ፋይል አላገኘሁም ይላል። የፋይሉ ስም በነጥብ ተለይቶ ዲኤልኤል በሚሉ ፊደላት ያልቃል። አያሌው ባሕር ዳር ያለ ባለሙያ ዘንድ ደወለ። ስልኩን ሲዘጋ ፊቱ አመድ መስሎ ነበር። «አየሽ የኔዓለም» አለኝ፣ «የጥልፉ ፕሮግራም ማሽኑን በቀጥታ አያናግረውም። የወንድ ወገን ሴቷ ቤት ዘሎ ይገባል? አይገባም፤ ሽማግሌ ይልካል። ይኸ ፋይል ሽማግሌው ነው። ፕሮግራሙ በስሙ ይጠራዋል፣ እሱ ቃሉን ለዊንዶውስ እንደ ወጉ ያቀርባል፣ ዊንዶውስ ደግሞ በገመዱ ወደ ማሽኑ ያደርሰዋል። መልሱም በዚያው ነው የሚመጣ።»

«ታዲያ ሽማግሌውን ምን አደረግኸው?» አልኩት።

«አልከፈት ሲለኝ አጠፋሁት።»

«ሽማግሌ ቤት ነው እንዴ የሚከፈት?»

ሲዲውን አምጣና መልሰህ ጫነው አልኩት። ለካ ሲዲውን ከተጫነ ወዲያ ምን ይሠራል ብሎ አማኑኤል ከተማ ዳር ለሚያርሰው ወንድሙ ሰጥቶታል፤ ወንድሙም በክር አንጠልጥሎ ጤፉ ላይ የወፍ ማስደንገጫ አድርጎታል። አንድ መኸር ሙሉ ፀሐይና ዝናብ እየተፈራረቀበት ሲብለጨለጭ ከርሟል። በባጃጅ፣ ከዚያ በሚኒባስ ሄዶ አመጣው። ፊቴን አየሁበት እንጅ ኮምፒውተሩ አላየውም። ቀጥሎ ኢንተርኔት ቤት ገብቶ ያንኑ ስም የያዘ ፋይል አወረደ። ፕሮግራሙ አገኘሁት አለ፤ ወዲያው ግን የምፈልገው ነገር ውስጡ የለም ብሎ ተዘጋ። ባለሙያው እንደነገረው ስሙ አንድ ይሁን እንጅ የሌላ እትም ፋይል ነው፤ ከእኛው ማሽን ጋር የመጣው ካልሆነ አይግባባም። ነጋዴውም ሱቁን ዘግቶ የት እንደገባ የሚያውቅ ጠፋ።

ከእኛው ማሽን ጋር የመጣው ፋይል በዓለም ላይ የት እንዳለ ሁለታችንም እናውቅ ነበር። መንገዱን ተሻግሮ ነው።

በእጅ ልጥለፈው ቢባል የወር ሥራ ነው። የገበያ ቀሚስ ይገዛ እንዳይባል የጥልፍ ሠራተኛ ልጅ የሰው ሥራ ለብሳ ስትዳር ከተማው ምን ይላል? ማስተዋል ምንም አላለችኝም፤ ያልተጨረሰውን ቀሚስ ከመስቀያው አውርዳ አጥፋ አስቀመጠችው። አያሌው ወጣና ወደ ንስሐ አባታችን ወደ ቄስ ይኄይስ ሄደ። ቄስ ይኄይስ የእሷም የእኔም የንስሐ አባት ናቸው። ለእርቅ እሷንም እኔንም ለምነው ለምነው የሰለቻቸው ሰው ናቸው። ጉዳዩን ሲሰሙ አሰቡና «በትንሹ እንጀምር» አሉ። «ፋይሉን ብቻ እንለምናት። እጇ አንዴ ከተዘረጋ የቀረው ይከተላል።»

እንዲህ ሆኖ ለአንድ ፋይል ሽማግሌ ተላከ። ቄሱ መስቀላቸውን ይዘው፣ ሁለት የሰፈር አዛውንት ጋቢያቸውን አጣፍተው፣ አያሌው ከኋላ። የፋይሉን ስም እንዳይረሳው መዳፉ ላይ በእስክሪፕቶ ጽፎታል። እኔ በመስታወቱ ቆሜ አያለሁ። ድምፅ አይሰማኝም፤ የተባለውን ቄሱም አያሌውም በኋላ ነግረውኛል።

«ምነው ቆማችሁ? ተቀመጡ እንጅ» አለች እታበባ።

«የመጣንበትን ሳትሰጭን አንቀመጥም» አሉ ቄሱ፤ ወጉ ነውና።

ፊቷ ጠቆረ። «አባ፣ ያንን ነገር እኔና እርስዎ ጨርሰናል። ይፍቱኝና አይጠይቁኝ።»

«የለም ልጄ፣ የመጣነውስ ለእርቅ አይደለም። የመጣነው ለ… ለምንድን ነው ያልከኝ አንተ?»

አያሌው መዳፉን ዘረጋ። እታበባ መነጽሯን አድርጋ አነበበችው።

«ይኸ ማሽኑን የሚያገናኘው አይደለም? የእናንተውስ?»

«አጠፋሁት።»

«እንዴት ሁኖ ጠፋ?»

«አልከፈት ሲለኝ ነዋ።»

እታበባ ሳቀች። ከመንገዱ ማዶ ሆኜ አየኋት፤ ነጠላዋን አፏ ላይ አድርጋ፣ ጎንበስ ብላ፣ የልብስ መቁረጫው ጠረጴዛ ላይ ተደግፋ ሳቀች። እናታችን ከሞተች ወዲህ ስትስቅ አይቻት አላውቅም ነበር። ሽማግሌዎቹም ሳቁና ተቀመጡ። የአያሌውን ፍላሽ ተቀብላ በመጀመሪያ ቫይረሱን አጸዳችለት፤ ከዚያ ፋይሉን ገልብጣ ሰጠችው። «ከፕሮግራሙ ጎን አስቀምጠው፤ ሌላ ቦታ ብታኖረው አያገኘውም» አለችው። «ለልጅቱ ቀሚስ ነው? ጠርዙ ነው አይደል የቀረ?» አለች። ማን እንደነገራት አይታወቅም፤ እሷም በራሷ መስታወት ታይ ነበር ማለት ነው።

ቄሱ ይኸኔ ነው ብለው ተነሱ። «እንግዲህ ልጄ፣ እጅሽ ከተፈታ ዘንድ አፍሽንም ፍችው። እህትሽ ማዶ ቆማለች።»

እታበባ ፍላሹን በአያሌው መዳፍ ላይ አስቀመጠች፤ ስሙ የተጻፈበት ላይ። «አባ፣ ለእርቅ አልመጣንም ብለውኛል። የጠየቃችሁኝን ሰጠሁ። ያልጠየቃችሁኝን ከየት አምጥቼ ልስጥ?»

ቄሱ በቃላቸው ተያዙ። እንዲያ ስትስቅ ሁለቱንም ባንድ ላይ ብጠይቅ ኖሮ እምቢ አትለኝም ነበር እያሉ እስኪሞቱ ድረስ ተጸጸቱ። እኔ እንጃ። ምናልባት ትሰጥ ነበር፤ ምናልባት ፋይሉንም ትከለክል ነበር። አያሌው ተሻግሮ መጣ፣ ፋይሉን ከፕሮግራሙ ጎን አኖረው፣ ገመዱን ሰካ፣ ላከ። ማሽኑ መርፌውን ደቅ ደቅ አድርጎ ጠርዙን ጀመረ። ማስተዋል እልል አለች። እኔ ማሽኑ ላይ ዐይኔን ተክዬ ነበር፤ ከእታበባ ሞት ወዲህ ነው ያልኩት ይኸ አለመሰማት ያን ቀን ነው መሰለኝ የጀመረኝ።

ሠርጉ ቀን እታበባ ሱቋን ዘግታ ጉንደ ወይን ወረደች። ቀሚሱን ያየ ሁሉ አደነቀ። ከዚያ ወዲህ ያ ማሽን ስንት ዓመት ሠራ! ኮብልስቶኑ ተነጠፈ፣ ዩኒቨርሲቲው ተማሪ አመጣ፣ ባጃጅ እንደ አንበጣ ፈላ፣ ዘፈን ጫኙ ቤት የሞባይል ጥገና ሆነ። እኔ በየጧቱ ማሽኑን ስከፍት የሚያናግረው የእሷ ፋይል ነው። እኔና እሷ አንነጋገርም። አያሌው ዛሬም ፀሐይ እየሞቀ ስለዚያ ሲነሳበት «ቫይረስ ነበር» ይላል።

አምና በዚህ ጊዜ ግድም የእታበባ ሠራተኛ መንገዱን ሮጣ ተሻግራ መጣች። «እትዬ ወደቀችብን» አለችኝ። ከዚያ ተዝካር ወዲህ ወደ እሷ በኩል ተሻግሬው በማላውቀው መንገድ ላይ ራሴን አገኘሁት፤ ባጃጁ ሲጮህብኝ ነው መሐል መድረሴን ያወቅሁ። ደም ግፊት ነው አሉ። ሆስፒታል ሰነበተች፣ ቀኝ ጎኗ አልታዘዝ አለ፣ ምላሷ ታሰረ። ወደ ቤቷ ስትመለስ ከአልጋዋ አጠገብ ተቀመጥኩ። ሽማግሌ የለም፣ ይቅር ተባባሉ ያለን የለም። ስለ ተዝካሩ አላነሳሁባትም። የሐር ክር ዋጋ ናረ አልኳት፤ መብራት ሲጠፋ ዋለ አልኳት፤ ማስተዋል ሁለተኛ ወለደች አልኳት። ሰማችኝ አልሰማችኝ አላውቅም፤ ዐይኗ ጣሪያው ላይ ነበር። የእኔና የእሷ ጉዳይ ማለቂያ ይኸ ነው ብዬ ተቀመጥኩ እንጅ ዕንባ አልመጣልኝም። ስታርፍም፣ ስትቀበርም አላለቀስኩም። ከልብ ካለቀሱ እንባ አይገድም እያሉ ሴቶቹ ሲያሙኝ ሰምቻለሁ። ይበሉ።

ከማረፏ በፊት አንድ ከሰዓት ግን በራሴ ማሽን ጠርዙን የጠለፍኩትን ነጠላ ለብሼ ሄጄ ነበር። ትራሷን ላስተካክል ጎንበስ ስል በደህናው እጇ የነጠላዬን ጫፍ ያዘችው። ሰው የጥልፍን ፊት ያያል፤ እታበባ ገልብጣ ጀርባውን አየች። ዐይኗ ጥልፉን ተከትሎ ሄደ፣ ሄደና ቆመ። ሳልቆርጠው የተውኩት አንዲት ክር አግኝታለች። ወደ አፏ ወሰደችው፤ በጥርሷ ልትበጥሰው ነው። ከንፈሯ አልገጥም አላት። ደግማ ሞከረች። ክሩ በምራቋ ርሶ ጉንጯ ላይ ተለጠፈ። ያኔ ዐይኗን ከጣሪያውም ከጥልፉም አንስታ ወደ እኔ መለሰችው።

ጎንበስ አልኩና ክሩን ከጉንጯ ላይ በጥርሴ በጠስኩላት። ፊቴ ፊቷን ነካው፤ ይሞቅ ነበር። እሷም ጥልፉን ወደ ፊቱ መልሳ፣ በአውራ ጣቷ ዳበስ አድርጋ፣ ለቀቀችኝ።

መንገዱን ተሻግሬ ሱቄ ስገባ አያሌው «እንዴት ዋለች?» ብሎ ጠየቀኝ። ልመልስለት አፌን ስከፍት ክሩ ምላሴ ላይ ነበር።